«እህ» ያለው ሣጥን

ስሟ ቢጠራ ማንም የማያውቃት፣ ልማዷ ሲነገር ግን ሰው ሁሉ «ይቺንስ የሆነ ቦታ አይቻታለሁ» የሚላት አንዲት አገር ነበረች። በስተ ምዕራብ ሰፊ ወንዝ ያዋስናታል። በመካከሏ የንጉሡ አደባባይ አለ፤ በአደባባዩ ላይ ደግሞ ጥላው ገበያ የሚያስጠልል ዋርካ ነበረ።

በቀድሞው ዘመን ንጉሡ በየገበያው ቀን ከዋርካው ሥር ይቀመጥ ነበር። የተበደለ ሰው ሕዝቡን እየገፋ ይመጣና «አቤት» ይላል። ንጉሡ አገጩን በመዳፉ ደግፎ «እህ» ይለዋል። ሰውየው ትንሽ ይናገራል፤ ንጉሡ «እህ» ይላል። ትንሽ ይጨምራል፤ «እህ» ይላል። እንዲህ እየተባለ ነገሩ ከነሥሩ ይወጣል። በዚያ አገር «እህ» የወግ ሁሉ ማገር ነው። ልጅ አፉን ሲፈታ ከ«እማ» ቀጥሎ የሚማረው እሱን ነው። ሰው እያወራለት «እህ» የማይል አድማጭ፣ እንግዳ ሲገባ ከመቀመጫው እንደማይነሣ ባለቤት ይቆጠራል።

ዳኝነቱ ሁልጊዜ ቀና ነበር አይባልም። ንጉሡ አንዳንዴ ያዳላ ነበር፤ ከምሳ በኋላም ያንቀላፋ ነበር። ነገር ግን እንቅልፉ የሰው እንቅልፍ ስለሆነ ጮክ ሲሉበት ይነቃል።

ከዚያ አለቃ ወንድይራድ የሚባል ባለሟል ወደ ባሕር ማዶ ተላከ። «ሥልጣኔ የሚሉትን ነገር እየው፤ በሸክም የሚመጣ ከሆነ ይዘህልኝ ና» ብሎ ነበር ንጉሡ ያሰናበተው። አለቃ ወንድይራድም በሄደበት አገር በአንድ ትልቅ ሹም ደጃፍ ተቀምጦ ሲጠብቅ፣ በበሩ አጠገብ የተሰቀለች ቀዳዳ ያላት ሣጥን አየ። ሰው ይመጣል፤ በቀዳዳዋ አንድ ነገር ያስገባል፤ ፊቱ ቀለል ብሎት ይሄዳል። አለቃ ስሟን ጠየቀ። «ሰጀስሽን ቦክስ» አሉት።

ተመልሶ ለንጉሡ ሲነግር፣ «ሁለት ቃል ተጋብተው አንድ ሆነዋል። በእኛ ሲፈታ የሐሳብ መስጫ ሣጥን ነው» አለ።

«ካስገቡ በኋላስ ምን ይሆናል?» አለ ንጉሡ።

«ይሄዳሉ።»

«አይጮኹም?»

«አይጮኹም ንጉሥ ሆይ።»

«ከምሳ በኋላም?»

«ከምሳ በኋላም ቢሆን ዝም ነው።»

ንጉሡ ረጅም ትንፋሽ ተነፈሰ። በማግስቱ ዋርካው ተቆረጠ፤ ለእንዲህ ያለ ክቡር ነገር ከሱ የተሻለ እንጨት አልተገኘምና። አናጢው ሣጥኑን እየገጠመ ሳለ «መክፈቻው በየት በኩል ይሁን?» ብሎ ጠየቀ። አለቃ ወንድይራድ ዐይኑን ጨፍኖ አሰበ፣ አሰበ። ሐሰት የማይወድ ሰው ነበርና «ሲከፈት አላየሁም» አለ። ስለዚህ ሣጥኑ ያለ መክፈቻ ተሠራ። በዋርካው ጉቶ ላይም ተቀመጠ። የአገሬው ሰው ጽሕፈት ስለማያውቅ፣ አፉን ወደ ቀዳዳው አስጠግቶ በቃሉ እንዲናገር ተፈቀደለት።

ዓመታት ነጎዱ። ያ ንጉሥ ሞቶ ልጁ ነገሠ፤ ወግና ሥርዓቱም እንደ ግንብ ጠነከረ። ባለጉዳይ ነጠላውን እንደ ለቀስተኛ አደግድጎ ይቆማል። አንዲት ስንጥር ተለኩሳ እስክታልቅ ድረስ ይናገራል። ሲጨርስ ለሣጥኑ እጅ ይነሣል፤ ማኅተመኛውም በመዳፉ ላይ «ገብቷል» የሚል ጥቁር ማኅተም ያሳርፍለታል። ሣጥኑ ካባ አለው፤ በክረምት ዳባ ይደረብለታል። የሣጥኑን ሥርዓት በበላይነት የሚመራው አጋፋሪ ደምስ ነው፤ ብር የለበሰ ዘንጉን ሳይዝ የትም የማይሄድ ሰው።

ከሣጥኑ ኋላ፣ ከመጋረጃ ውስጥ ደግሞ ቀዳዳ ጠባቂው አለ። አጥናፉ ይባላል።

የአጥናፉ ሥራ የቀዳዳዋን ክዳን በገመድ ስቦ መክፈትና መልሶ መዝጋት ብቻ ነው። ለሣጥኑ የተነገረ ቃል የንጉሡ ንብረት ስለሆነ፣ እንዳይሰማ ሁለት ጆሮው በሰም ይደፈናል። ለዚህ ሹመት የተመረጠው ዝምተኛ በመሆኑ ነበር። ሰው ፊት ቆሞ መናገር ላብ ያጠምቀዋል፤ ሰላምታ እንኳ ሲሰጥ ቃሉን አስቀድሞ በሆዱ ይለማመዳል። ማዳመጥ ግን ያውቅበታል። እናቱ በሕይወት ሳለች ተረት ስትነግረው፣ «እህ» ማለት ከረሳ ታሪኩን እዚያው አቁማ ትተኛበት ነበር። ስንት ጀግና በእሱ ዝምታ ምክንያት ገደል አፋፍ ላይ ቆሞ አድሯል።

በዓመት አንድ ጊዜ፣ ክረምቱ ወጥቶ አደይ ስትፈነዳ፣ ቀዳዳ ጠባቂው በንጉሡ ፊት መሐላ ይፈጽማል። ሁለት እጁን በጆሮዎቹ ላይ ጭኖ «ቆሜያለሁ፤ ከፍቻለሁ፤ ዘግቻለሁ፤ አልሰማሁም» ይላል። ሕዝቡም «እሰይ» ይላል። ሕጉ አጭር ነው፦ የሰማ ቀዳዳ ጠባቂ ወንዙን ተሻግሮ ይሂድ፤ አይመለስም። አጥናፉ እስካሁን መሐላውን ያለ ችግር ሲፈጽም ኖሯል። በሰው ፊት መናገር ከመጥላቱ በቀር ነውር አልነበረበትም፤ በእርግጥ አልሰማም ነበርና።

በዚህ ዓመት ግን ግምጃ ቤቱ ሰሙን በሞራ መበረዝ ጀመረ። ማን እንደበረዘው አገሩ ሁሉ ያውቃል፤ ያወቀውንም ለሣጥኑ ነግሮታል። ሞራ የገባበት ሰም የጆሮ ሙቀት አይችልም። በአንድ የገበያ ቀን፣ ፀሐይ ስትበረታ፣ የአጥናፉ የቀኝ ጆሮ ሰም ቀልጦ በአንገቱ ወረደ። ዓለም በአንድ ጎኗ ድምፅ አወጣች። መጀመሪያ የሰማው ከመጋረጃው ማዶ ተሰልፈው ተራ የሚጠብቁ ሰዎች ሲነቋቆሩ ነበር።

«የሻረግ፣ ዛሬም መጣሽ? ከሣጥኑ ጋር ተጋባችሁ እንዴ?» ይላል አንዱ።

«አንተስ ስለ ጎረቤትህ አውራ ዶሮ ስትመጣ ስንተኛህ ነው?» አለች የሴት ድምፅ።

«ዶሮው እንኳ ታርዷል። አሁን የምመጣው ስለ ጫጩቱ ነው። አባቱን ሊተካ ጉሮሮውን እያሟሸ ነው።»

ሰልፉ ሳቀ፤ አጥናፉም ከመጋረጃው ውስጥ ፈገግ አለ። ወዲያው ደነገጠ። እየሰማ ነው። ተነሥቶ ሌላ ሰም ይጠይቅ ይሆን? ከጠየቀ ደግሞ «መቅለጡን በምን አወቅህ?» ይሉታል። ይህን እያወጣ እያወረደ ሳለ ተራዋ ደረሰና የሻረግ አፏን ወደ ቀዳዳው አስጠጋች። አጥናፉ ክዳኑን ሳበው።

«እኔ ነኝ» አለች ሴትዮዋ፣ የለመዱትን ደጅ እንደሚያንኳኳ ሰው። «የሻረግ፣ ከታች ሰፈር። ዛሬም ስለ ልጄ ስለ እማዋይሽ ነው። እንደ ሥርዓቱ ለአንድ ዓመት ብላችሁ ለመብራት ቤት ወሰዳችኋት፤ ይኸው ሦስተኛው ዓመት ሊሞላ ነው።»

መብራት ቤት የሚባለው በቤተ መንግሥቱ ጓሮ ያለ አዳራሽ ነው። ከየሰፈሩ የመጡ ልጃገረዶች በአዳራሹና በመተላለፊያው ኩራዝ ይዘው ይቆማሉ። ዓመቱ ሲያልቅ ዘመድ ይጠይቃል፤ ልጅቱ ትሰጣለች። ሦስት ዓመት ሙሉ ጠያቂ ያልመጣላት ግን በአደይ በዓል ዕለት ጠጉሯ ተላጭቶ፣ «ዘመድ የለሽ» ተብላ፣ ዕድሜ ልኳን የቤተ መንግሥቱ መብራት ያዥ ትሆናለች።

«ልጄን ስጡኝ ብዬ መብራት ቤት ሄድኩ» አለች የሻረግ። «መዳፌን አሳየኋቸው። ማኅተሙ ‹ገብቷል› ይላል እንጂ ‹ተሰምቷል› አይልም አሉኝ። ሕጉ ጥያቄው በጆሮ የተሰማ ይሁን ነው የሚለው፣ የሰማ ሰው አምጪ አሉኝ። ከየት ላምጣ? ሁሉም ሰው የሚነግረው ለሣጥን ነው።»

ድምፅዋ ዝቅ አለ።

«እማዋይሽ እሳት ትፈራለች። ልጅ ሆና ፍም ነክቷት ግራ እጇ ላይ ጠባሳ አለ። ከዚያ ወዲያ ምድጃ አጠገብ አትቀመጥም ነበር። እናንተ ደግሞ እሳት አስያዛችኋት። ስትፈራ አታለቅስም፤ ታንጎራጉራለች። እንግዲህ ሰው ይህን አያውቅም፤ ደስ ያላት ይመስለዋል…»

አጥናፉ ማታ ሰሙን አውጥቶ ወደ ቤቱ ሲመለስ በመብራት ቤት አጥር ሥር ያልፋል። ፀሐይ ስትጠልቅ፣ ኩራዞቹ ሲለኮሱ፣ ከውስጥ አንዲት ልጅ ስታንጎራጉር ዘወትር ይሰማ ነበር። ደስተኛ ልጅ ናት ብሎ እሱም ብዙ ጊዜ ደስ ብሎት አልፏል።

ሴትዮዋ ትንፋሽ ለመውሰድ ዝም ባለች ጊዜ፣ ከአጥናፉ አፍ ያላዘዘው ነገር ወጣ።

«እህ» አለ።

ስንጥሯ እየነደደች ነው። የሻረግ ደርቃ ቀረች። አጥናፉ አፉን በሁለት እጁ ያዘ።

«ማነው?» አለች በሹክሹክታ።

ሴትዮዋ እጇን በሣጥኑ ላይ ቀስ አድርጋ አኖረች፣ የታመመ ሰው ግንባር እንደሚነካ። ከዚያ «ከዚያማ…» ብላ ቀጠለች። ስንጥሯ አልቃ ማኅተመኛው እስኪጎትታት ድረስ ተናገረች። ስትሄድ፣ አጥናፉ በመጋረጃው ስንጥቅ እንዳየው፣ ጀርባዋ ስትመጣ ከነበረው ቀንቶ ነበር።

እንዲህ ያለ ነገር ተደብቆ አያድርም። በሚቀጥለው ገበያ ሰልፉ አደባባዩን ዞሮ እህል ተራ ደረሰ። «ሣጥኑ ‹እህ› ይላል» ተባለ። የመጣው ሁሉ ትንሽ ተናግሮ ቆም ይላል፤ ይጠብቃል። አጥናፉ የጋቢውን ጫፍ ነክሶ ዝም ለማለት ይታገላል፤ አንዳንዱን ይችለዋል፤ አንዳንዱ ያመልጠዋል። ሰሙ በየገበያው ቀን ይሰጠዋል፤ በየገበያው ቀንም ይቀልጣል። እሱም ከጊዜ በኋላ የቀኙን ለይስሙላ ብቻ ያስቀምጠው ጀመር። የግራውን ግን አጥብቆ ይደፍነዋል። በአንድ ጆሮ መስማት ግማሽ ጥፋት ነው ብሎ ራሱን ያጽናናል።

አገሩን ያወቃት በዚያን ሰሞን ነው። ቀድሞ የሚያውቃት በአፏ እንቅስቃሴ ብቻ ነበር። ድንበሩ የተገፋበት ሰው፣ ምጣዷን ተውሳ ያልመለሰችላትን ጎረቤት የምትከስ አሮጊት፣ የሚለው ነገር ጠፍቶት ስንጥሯ እስክታልቅ የሚተነፍስ ጎረምሳ፤ ሁሉም መጡ። አንድ ቀን ደግሞ ፊቱን በጋቢ የሸፈነ ሰው መጣ። አጥናፉ በመጋረጃው ሥር ሲያይ ብር የለበሰ ዘንግ አየ።

«ለዚህ ሣጥን ሳጎነብስ ኖሬ ጉልበቴ ያመኛል» አለ አጋፋሪ ደምስ ድምፁን ቀይሮ። «እሱስ ይሁን። ቀን ሙሉ የሰው አፍ ሳዘጋ እውላለሁ፤ ቤቴ ስገባ የማወራው ሰው አጣሁ። ሚስቴ ‹እህ› ማለት ካቆመች ከረመች። መቼ እንዳቆመች እንኳ አላስተዋልኩም።»

አጥናፉ ጋቢውን መንከስ ረሳ። «እህ» አለው፣ ከልቡ አዝኖለት። አጋፋሪው ዘንጉን ጨብጦ፣ እጅ ነሥቶ ሄደ።

ወሬው ንጉሡ ጆሮ ሲደርስ ሸንጎ ተሰበሰበ። አለቃ ወንድይራድ አርጅቶ ነበርና በቃሬዛ ተሸክመው አመጡት፤ የቃሉን ትርጉምና አገባብ የሚያውቅ ከሱ ሌላ ስላልነበረ።

«ሁለቱ ቃላት ሲጋቡ» አለ ሽማግሌው፣ «በዚያ ቋንቋ ልማድ ፊተኛው አገልጋይ ነው፤ ኋለኛው ጌታ። እዚህ ላይ ሐሳቡ አገልጋይ ነው፤ ጌታው ሣጥኑ ነው።»

ሸንጎው በረጅሙ «ኦ…» አለ። ብዙ ነገር የተብራራላቸው መሰላቸው።

«በዚያ አገር ያለው ሣጥንስ ‹እህ› ይላል?» አለ ከመኳንንቱ አንዱ።

«እኔ ሳየው ዝም ብሎ ነበር። ምናልባት ከዚያ ወዲህ ሥልጣኔው ጨምሮ ይሆናል።»

ሸንጎውም ወሰነ። ሣጥኑ በገዛ ፈቃዱ ተናግሯልና ማዕረጉ ከፍ ይበል፤ በአደይ በዓል ዕለት ከፍ ባለ ማማ ላይ ይውጣ። ሕዝቡ ከሥር ሆኖ ይናገር። «ከዚያ ከፍታ ይሰማል ወይ?» ብሎ የጠየቀ አልነበረም።

የሻረግ ውሳኔውን ስትሰማ ወደ መብራት ቤት ሮጠች። የቤቱ ኃላፊ ጸጉሯ የሸበተ፣ ሕጉን ቃል በቃል የምታውቅ ሴት ነበረች።

«የንጉሡ ሸንጎ ራሱ ሣጥኑ ተናግሯል አለ» አለች የሻረግ። «‹እህ› ያለው ለኔ ነው፤ ሰው ሁሉ ያውቃል። እንግዲህ ተሰምቻለሁ።»

«እኅቴ፣ እኔ ልጅሽን ይዤ ምን አተርፋለሁ?» አለች ኃላፊዋ። «ሕጉ ግን በጆሮ የተሰማ ነው የሚለው። ሣጥን አፍ እንዳለው ተወሰነ እንጂ ጆሮ እንዳለው አልተወሰነም። የሰማ ሰው አምጪልኝ፤ በዚያችው ደቂቃ እለቅልሻለሁ። አደይ ከዋለ በኋላ ግን እኔም አልችልም።»

የሻረግ ይህን መጥታ ለሣጥኑ ነገረችው። አጥናፉ እያንዳንዱን ቃል ሰማ። በዚያን ቀን «እህ» አላላትም።

በበዓሉ ዋዜማ አጋፋሪ ደምስ ወደ አጥናፉ ቤት መጣ። እንደዚያ ያለ ትልቅ ሰው ደጁን ረግጦ አያውቅምና አጥናፉ መቀመጫ ሲፈልግ ሁለት ጊዜ ተደናቀፈ።

«ተወው፣ ቆሜ ይሻለኛል፤ ጉልበቴ…» ብሎ ጀመረና አጋፋሪው ዋጠው። «አጥናፉ፣ ነገ ትምላለህ።»

«አዎ ጌታዬ።»

«እንደ ወትሮው ትምላለህ። ማማው ላይ ደግሞ የተሻለ ማደሪያ ይሠራልሃል። ድርጎህም ይጨመራል።» ወደ በሩ ተመለከተ። «‹እህ› ያለው ማን እንደሆነ አልጠይቅህም። ከጠየቅሁህ ትነግረኛለህ፤ ከነገርከኝ አውቃለሁ፤ ካወቅሁ ደግሞ እጠየቃለሁ።»

«ጌታዬ፣ የሴትዮዋ ልጅስ?»

«የቷ ሴትዮ?»

አጥናፉ መሬት መሬት አየ።

«አየህ» አለ አጋፋሪው፣ ሳይቆጣ። «ሴትዮ የሚባል ነገር የለም። ሣጥን አለ። እንዲህ ካልን ሁላችንም በሰላም እናድራለን።» በሩ ላይ ደርሶ ዘወር አለ። የሚጠይቀው ነገር አፉ ላይ ደርሶ ነበር፤ አጥናፉም ምን እንደሆነ ያውቃል። ሳይጠይቀው ሄደ።

በማግስቱ አደባባዩ በሰው ተሞላ። አዲሱ ማማ በአደይ ተሸልሟል። ሣጥኑ ካባውን ደርቦ በገመድ ታስሮ ሊሰቀል ተዘጋጅቷል። በንጉሡ ቀኝ የመብራት ቤት ልጃገረዶች ቆመዋል፤ ከመካከላቸው አንዲቱ፣ ግራ እጇን በነጠላዋ ሸፍና፣ ከንፈሯን ሳትከፍት ታንጎራጉራለች። ከአጠገቧ ምላጭ የያዘ ሰው ቆሟል። የሻረግ ከሕዝቡ ፊት ናት። ከትናንት ጀምሮ አልተቀመጠችም፤ ያስታውቅባታል።

«ቀዳዳ ጠባቂ ይማል» ተባለ።

አጥናፉ ወጣ። ሁለት እጁን በጆሮዎቹ ላይ ጫነ።

«ቆሜያለሁ» አለ። «ከፍቻለሁ። ዘግቻለሁ።»

ሕዝቡ «እሰይ» ሊል አፉን ከፍቶ ጠበቀ። የልጅቱ ማንጎራጎር በቀኝ ጆሮው በኩል፣ በጣቶቹ መካከል ሾልኮ ገባ። አጥናፉ እጆቹን ከጆሮዎቹ አወረደ።

«ሰምቻለሁ» አለ።

ከኋላ የነበሩት ልማዳቸው ሆኖ «እሰይ» አሉ፤ ከፊት የነበሩት ዝም አሰኟቸው። የአጋፋሪ ደምስ ዘንግ ከእጁ ወደቀ።

ንጉሡ ወጣት ነው። ከነገሠ ጀምሮ የሰማው ሁሉ ተጣርቶና ተለስልሶ የደረሰው ነው። የተቆጣ ሰው ፊት ማሳየት ፈለገ፤ ሳያስበው ግን ማንም ሊጠይቅ የሚችለውን ጠየቀ።

«ምን ሰማህ?»

አጥናፉ ወደ አጋፋሪው አየ። የአጋፋሪው ከንፈር ነጭ ሆኗል።

«የብዙ ሰው ሰምቻለሁ» አለ አጥናፉ። «የሌላው የባለቤቱ ነው፤ ሲፈልግ ራሱ ይናገረዋል። የአንዲት ሴት ግን ዛሬ ካልተነገረ ጊዜው ያልፍበታል።» ላቡ በጉንጩ ወረደ። «ከታች ሰፈር ናት። አንዲት ልጅ አለቻት። ለአንድ ዓመት ብለው ወሰዱባት። ሦስቱንም ዓመት ልጄን መልሱልኝ ብላ ጠይቃለች። ልጅቱ እሳት ትፈራለች፤ በልጅነቷ ፍም ነክቷታል።»

ትንፋሽ አጥሮት ቆመ። አገጩን በመዳፉ ደግፎ ጎንበስ ያለው ንጉሥ፣ የዚያው አገር እናት ያሳደገችው ልጅ ነውና፣

«እህ» አለ።

አጥናፉ ቀጠለ። «ስትፈራ አታለቅስም ንጉሥ ሆይ፤ ታንጎራጉራለች። እኔ በአጥሩ ሥር ሳልፍ ደስ ብሏት ይመስለኝ ነበር።»

«እህ» አለ ንጉሡ እንደገና፤ ፊቱንም ወደ ልጃገረዶቹ መለሰ። በየአዳራሹ ያ እንጉርጉሮ ሲከተለው ኖሯል፤ እሱንም አስደስቶት ነበር።

መኳንንቱ ምን እንደተፈጸመ ለመገንዘብ ጥቂት ጊዜ ወሰደባቸው። የመብራት ቤቷ ኃላፊ ግን አንድ አፍታም አልፈጀባት። ምላጭ የያዘውን ሰው በክርኗ ገፋ አድርጋ፣ «በጆሮ ተሰምቷል፤ ያውም በንጉሥ ጆሮ» አለችና የእማዋይሽን እጅ ይዛ ወደ ሕዝቡ መራቻት። የሻረግ አልጮኸችም። የልጅቱን ግራ እጅ አንሥታ ጠባሳውን አየች፤ ከዚያ በነጠላዋ ጠቀለለቻት።

ሸንጎው ከቀትር በኋላ ተሰብስቦ፣ ንጉሡ ጉሮሮውን ጠረገ እንጂ «እህ» እንዳላለ አወጀ። ልጅቱ ግን በዚያን ሰዓት እናቷ ቤት፣ ከምድጃው ርቃ ተቀምጣ ነበር። ሣጥኑም ማማው ላይ ወጣ። ሕጉ ሕግ ነውና አጥናፉ ወንዙን እንዲሻገር ተፈረደበት። ንጉሡ ፍርዱን ሲያጸድቅ ቀና ብሎ አላየውም ይባላል። ማታ ግን «ሌላው ሰው የተናገረውስ ምን ነበር?» ብሎ ብቻውን ሲጠይቅ አገልጋዩ ሰምቶታል ይባላል።

አጥናፉ ጋቢውን አጣጥፎ ሲወጣ የሻረግና እማዋይሽ እስከ ወንዙ ሸኙት። አጋፋሪ ደምስ መልካው ላይ ቀድሟቸው ቆሞ ነበር፣ ያለ ዘንግ።

«የኔንም ሰምተኸው ነበር» አለ።

«አዎ ጌታዬ።»

«አልተናገርክም።»

«የእርስዎ ነው።»

አጋፋሪው ወንዙን ወንዙን እያየ፣ «ትናንት ሚስቴ ስታወራ ‹እህ› አልኳት» አለ። «መጀመሪያ ያመመኝ መስሏት ደነገጠች።»

ከወንዙ ማዶ አንድ ሾላ አለ። አጥናፉ የሚሄድበት አልነበረውምና ከሥሩ ተቀመጠ። በማግስቱ የገበያ ቀን ነበር። ሰው መጀመሪያ የመጣው የገበያ መንገደኛ መስሎ ነው። አንድ ሸክም ያለበት ሰው መልካውን ተሻግሮ ሸክሙን ከሾላው ሥር አወረደ። ግራ ቀኝ አየ። አደግድጎ ሊቆም ሲል አጥናፉ በእጁ ድንጋይ አመለከተውና ተቀመጠ።

«እንግዲህ ነገሩ እንዲህ ነው» አለ ሰውየው። «ያ የጎረቤቴ አውራ ዶሮ ታርዶልኝ ነበር…»

አጥናፉ እጁን ወደ ግራ ጆሮው ሰደደ። ከመሐላው ዕለት ጀምሮ ከነሰሙ ነበር፤ ረስቶት። በጥፍሩ ፈልቅቆ አወጣና ወደ ወንዙ ወረወረው። የወንዙ ድምፅ፣ የወፉ ድምፅ፣ የሰውየው ትንፋሽ በሁለቱም ጆሮው በኩል ገባ። አገጩን በመዳፉ ደገፈ።

«እህ» አለ። «ጫጩቱስ?»